የጎደለው አይታይም

በግራ በኩል የተቀመጡት

ባዮሎጂ ማስተማር ከጀመርኩ 22 ዓመት ሆነኝ። የስሜት ሕዋሳት ምዕራፍ ላይ በደረስኩ ቁጥር ዓይንን በጥቁር ሰሌዳ ላይ በትልቁ እሥላለሁ፤ ሌንሱን በነጭ፣ ሬቲናውን በቢጫ፣ ነርቩን በሰማያዊ ጠመኔ። ተማሪዎቼ ሥዕሉን ይወዱታል። እኔም እወደዋለሁ።

ከአራት ዓመት በፊት አንድ ቀን ደወል ከተደወለ በኋላ የክፍል አለቃዋ ወደ ኋላ ቀረች። ደብተሯን ደረቷ ላይ አጣብቃ፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ቲቸር፣ በግራዎ በኩል የተቀመጡት ልጆች ቅር ብሏቸዋል። እጃቸውን ሲያወጡ አይጠይቋቸውም» አለችኝ። ደነገጥኩ፤ ትንሽም ተቆጣሁ። ተማሪ የማዳላ መምህር አይደለሁም። ማታ ግን የማርክ መያዣዬን አውጥቼ በክፍል ውስጥ ጥያቄ የመለሱትን ልጆች ስም ከመቀመጫቸው ጋር አስተያየሁ። ሁሉም ማለት ይቻላል ከመሐልና ከቀኝ ነበሩ።

ከዚያ ሌላውም ትዝ አለኝ። በየጊዜው ከበር መቃን ጋር የማጋጨው ግራ ትከሻዬ። ቡና ሳፈላ ከረከቦቱ ዳር የጣልኳቸው ሲኒዎች። መተላለፊያው ላይ ሰላም ሳልላት አልፌያት ለወራት ያኮረፈችኝ የሥራ ባልደረባዬ። ለእያንዳንዱ የየራሱ ምክንያት ነበረኝ፤ አንዱ ድካም፣ አንዱ ችኮላ፣ አንዱ ሐሳብ። አንድ ላይ አስቀምጬ አስቤባቸው አላውቅም ነበር።

ዓይን ሐኪም ዘንድ ስቀርብ የግራ ዓይኔ አብዛኛውን ዕይታ ለቅቆ ነበር። የቀኙም በአፍንጫ በኩል ያለውን መልቀቅ ጀምሯል። ስሙ ግላኮማ ነው፤ በየቤቱ «የዓይን ግፊት» የሚባለው።

ይህን የምጽፈው ዓይን ቀስ በቀስ ሲደክም ባለቤቱ ራሱ ለምን እንደማያውቀው ላስረዳ ብዬ ነው። ድንገት ዓይኑ የጠፋበት ሰው ምን እንዳጣ ያውቃል። ቀስ እያለ የሚያጣ ሰው ግን ማጣቱንም አያየውም። ከዚህ በታች ያለው ሁሉ ከዚህ የሚነሳ ነው።

አስቀድመን አንድ ሙከራ

ወረቀት አምጡ። መሐሉ ላይ ትንሽ የመስቀል ምልክት አድርጉ። ከእሱ በስተቀኝ 8 ሳንቲ ሜትር ያህል ራቅ አድርጋችሁ የምስር ፍሬ የሚያክል ጥቁር ነጥብ ቀልሙ። ግራ ዓይናችሁን በእጃችሁ ሸፍኑ። በቀኝ ዓይናችሁ መስቀሉን ብቻ እያያችሁ ወረቀቱን ከክንድ ርቀት ወደ ፊታችሁ ቀስ እያላችሁ አቅርቡት። 30 ሳንቲ ሜትር አካባቢ ሲደርስ ነጥቡ ይጠፋል። ትንሽ ስታቀርቡት ደግሞ ተመልሶ ይመጣል።

እዚህ ላይ ክፍሉ ሁልጊዜ ይንጫጫል። ጫጫታው በርዶ ጸጥታ ሲሆን አንድ ጥያቄ እጨምራለሁ፤ ነጥቡ በነበረበት ቦታ ላይ ምን አያችሁ? ቀዳዳ? ጥቁር ነገር? አንዱም አይደለም። ነጭ ወረቀት ነው ያያችሁት።

የዕይታ ነርቭ ከዓይን በሚወጣበት ስፍራ ብርሃን የሚቀበል ሴል የለም። ፈረንሳዊው ኤድም ማርዮት እ.ኤ.አ. በ1660ዎቹ ይህን ደርሶበታል። ሁላችንም ከተወለድን ጀምሮ በየዓይናችን አንዳንድ ቀዳዳ ይዘን እንኖራለን። አንጎላችን ግን የተቀደደ ነጠላን በዚያው ክር እንደሚጠቅም ሰው፣ ከዙሪያው ወስዶ ይደፍነዋል። ጥገናው ስለማይታይ ቀዳዳው መኖሩን ማርዮት እስኪመጣ ድረስ የሰው ልጅ አላወቀም።

ግላኮማ እንደዚህ ያሉ ቀዳዳዎችን ይጨምራል፣ ያሰፋቸዋልም። አንጎልም መድፈኑን ይቀጥላል። በብዙ ፖስተሮች ላይ ግላኮማ ያለበት ሰው በጥቁር ቱቦ ውስጥ እንደሚያይ ተደርጎ ይሣላል። እኔ ጥቁር ነገር አይቼ አላውቅም። በግራዬ ያሉት ልጆች ጨለማ ውስጥ አልገቡብኝም። ግድግዳው እንዳለ ይቀጥላል፤ የወጣው እጅ ብቻ እዚያ የለም።

ይህን በራሴ ላይ ያረጋገጥኩት በምርመራው ክፍል ነው። አገጭን አስደግፎ የሚታይበት፣ እንደ ትልቅ ጎድጓዳ ሳህን ያለ ነጭ መሣሪያ አለ። መሐል ላይ ያለውን ምልክት እያያችሁ፣ በዙሪያው ብልጭ የሚል ብርሃን ባያችሁ ቁጥር በእጃችሁ የያዛችሁትን ቁልፍ ትጫናላችሁ። በግራ ዓይኔ ስፈተን ብልጭታው ይቆምና ረጅም ዝምታ ይሆናል። መሣሪያው የተበላሸ መስሎኝ ለባለሙያዋ ነገርኳት። «እየሠራ ነው፣ ይቀጥሉ» አለችኝ። በዚያ ዝምታ ሁሉ ብርሃኑ ይበራ ነበር።

ስለ ጨለማ አንድ ነገር ልጨምር። ዓይነ ስውርነትን ሁላችንም ዓይን ጨፍኖ እንደመቀመጥ እናስበዋለን። አርጀንቲናዊው ደራሲ ቦርኼስ ከዘር በወረደ ሕመም ዓይኑ ለአሥርተ ዓመታት ሲደክም ቆይቶ፣ እ.ኤ.አ. በ1955 የአገሩ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ዳይሬክተር ሆኖ በተሾመበት ጊዜ አካባቢ ማንበብ አቃተው። በኋላ ስለዚህ ሲናገር የናፈቀው ጥቁር ቀለም መሆኑን ገልጿል። ድሮ በጨለማ መተኛት የለመደ ሰው፣ አረንጓዴና ሰማያዊ በቀላቀለ ብርሃናማ ጭጋግ ውስጥ መተኛት ነበረበት። ቢጫ ቀለም ከሁሉም ዘግይቶ አብሮት ቆየ። ዓይነ ስውር ከሚባሉት ሰዎች ብዙዎቹ ብርሃንን ከጥላ ይለያሉ፤ አንዳንዶቹ ቀለምም ያያሉ።

ግፊቱ

በዓይን የፊተኛው ክፍል ውስጥ ንጹሕ ፈሳሽ ያለማቋረጥ ይመነጫል። ከእንባ ጋር አታምታቱት፤ እንባ ከውጭ ነው፣ ይህ ከውስጥ ነው። ፈሳሹ ኮርኒያ (ከፊት ያለው ጥርት ያለ ሽፋን) እና አይሪስ (ባለ ቀለሙ ክብ) በሚገናኙበት ጥግ ላይ ባለ ወንፊት መሰል መውጫ እየሰረገ ይሄዳል። የሚመነጨውና የሚወጣው ሲመጣጠን የዓይን ግፊት ብዙውን ጊዜ ከ10 እስከ 21 ሚሊ ሜትር ሜርኩሪ ይሆናል። መውጫው በደንብ ካላሳለፈ ግፊቱ ይጨምራል፤ ጫናውም የዕይታ ነርቭ ከዓይን በሚወጣበት ቦታ ላይ ያርፋል። በነርቩ ውስጥ አንድ ሚሊዮን ያህል ቀጫጭን ክሮች አሉ። የሞተ ክር አይተካም። ግፊታቸው ከ21 በታች ሆኖ ነርቫቸው የሚጎዳ ሰዎችም ስላሉ፣ ግፊት መለካት ብቻውን አይበቃም። ሐኪሙ የዓይኑን ጀርባ፣ ነርቩን ራሱን ማየት አለበት።

ብዙ ሰው የሚይዘው የግላኮማ ዓይነት አያምም፣ አያቀላም፣ አያስለቅስም። (ሌላ ዓይነት አለ፤ ድንገት ዓይን ቀልቶ፣ ራስ ወግቶ፣ አስመልሶ ሲመጣ በዚያው ቀን፣ በዚያው ሰዓት ሐኪም ቤት መሮጥ ነው።) በአፍሪካውያንና ዘራቸው ከአፍሪካ በሆነ ሕዝቦች ላይ ቀደም ባለ ዕድሜ ይጀምራል፤ ይበረታልም። በዘርም ይወርዳል። ለሚያሳክክ ዓይን ተብሎ ያለ ሐኪም ትእዛዝ ከመድኃኒት ቤት የሚገዛ ስቴሮይድ ያለበት ጠብታ ለወራት ሲደረግ ግፊቱን ሊያስነሳ ይችላል። ልጆቻቸው ዓይናቸውን እያሹ የሚያስቸግሯቸው ወላጆች ይህን ልብ እንዲሉልኝ እለምናለሁ። ጠብታው ማሳከኩን ወዲያው ስለሚያስታግሰው ደጋግሞ መግዛት ይቀላል።

አሁን ከሁሉ በላይ ማስረዳት የምፈልገው ላይ ደረስኩ። ራሱን ያመመው ሰው ክኒን ሲውጥ ራሱ ይሻለዋል። ግላኮማ ያለበት ሰው ጠብታ ሲያደርግ ግን ምንም አይሻለውም። ዓይኑ ይቆጠቁጠዋል፣ ገንዘቡ ይወጣል፣ ዕይታው ያው ነው። ሁለት ወር፣ ሦስት ወር ይታገስና «ምንም አልለወጠልኝም» ብሎ ያቋርጣል። ያው ሆኖ መቆየቱ ራሱ የመድኃኒቱ ዓላማ እንደሆነ ማንም አልነገረውም። ጠብታው የሄደውን አይመልስም፤ ሥራው የቀረው እንዳይሄድ መያዝ ነው። እኔም በመጀመሪያው ዓመት ሁለት ጊዜ አቋርጬ ነበር፤ ይህን ከነምክንያቱ ለተማሪ የማስተምር ሰው ሆኜ። ስለዚህ ያቋረጠ ሰው ሳይ አልፈርድበትም። ቁጭ ብዬ ወረቀትና እስክሪብቶ አውጥቼ ነርቩን እሥልለታለሁ።

«ሞራው ይብሰል»

አያቴ ዓይኗ ሲደክም መንደሩ ሁሉ «ሞራ ነው» አለ። «ሲበስል ይገፈፋል» ተባለ። ሰባት ዓመት ጠበቀች። በመጨረሻ ከተማ ወስደው ሲያስመረምሯት ሞራ አለ፤ ግን ትንሽ ነው። ከኋላው ያለው ነርቭ ሞቶ ነበር። ያኔ ልጅ ነበርኩ፤ ነገሩ የገባኝ የእኔ ምርመራ ውጤት በእጄ ላይ ሲቀመጥ ነው።

ስለዚህ ሞራንና ግላኮማን መለየት ያስፈልጋል። የዓይን ሞራ የሌንስ መደፍረስ ነው። ሌንሱ የተሠራበት ፕሮቲን በዕድሜ እየተጓጎለ ይሄዳል፤ ጥርት ያለው የእንቁላል ነጭ ሲጠበስ እንደሚደፈርሰው ማለት ነው። ሰውየው ጭስ የገባበት ቤት ውስጥ ያለ ይመስለዋል፤ ብርሃን ሲበዛ ይባስ ብዥ ይልበታል፤ ቀለሙ ሁሉ ይጠይማል። ፈረንሳዊው ሠዓሊ ክሎድ ሞኔ ሞራ እንዳለበት የተነገረው እ.ኤ.አ. በ1912 ነው፤ ቀዶ ሕክምና ያደረገው ደግሞ በ1923። በመካከል የሣላቸው የአትክልት ስፍራ ሥዕሎች ወደ ቀይና ቡናማ ያዘነበሉ ናቸው። ደብዛዛ ሌንስ ሰማያዊን አስቀድሞ ስለሚያስቀር ነው። እዚህም ላይ ቀስ ማለቱ ያታልላል፤ የዛሬው ነጠላ ከትናንቱ የጠቆረ አይመስልም፤ ከአምስት ዓመት በፊት ከነበረው ጋር ሲተያይ ግን ጠቁሯል። ሞራ ተገፍፎላቸው የወጡ እናቶች መጀመሪያ የሚናገሩት ብዙ ጊዜ ስለ ቀለም ነው። «ለካ ግድግዳው ነጭ ነው» ይላሉ።

ሞራ ይድናል። ሐኪሙ የደፈረሰውን ሌንስ አውጥቶ ሰው ሠራሽ ሌንስ ይተካል። ይህን ለመጀመሪያ ጊዜ ያደረገው እንግሊዛዊው ሃሮልድ ሪድሊ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1949፣ ለንደን። በጦርነቱ ጊዜ የአውሮፕላን መስኮት ፕላስቲክ ስብርባሪ ዓይናቸው ውስጥ የገባባቸው አብራሪዎች ዓይን ስብርባሪውን ሳይቆጣ ተሸክሞት መኖሩን አስተውሎ ነበርና ሌንሱን ከዚያው ዓይነት ፕላስቲክ አሠራ። ዛሬ ባለሙያ እጅ ላይ ሥራው ከአንድ ስኒ ቡና ብዙም የሚረዝም ጊዜ አይወስድም።

በአገራችን በ1998 ዓ.ም. የተካሄደው ብሔራዊ ጥናት ከመቶ ሰው 1.6ቱ ዓይነ ስውር እንደሆኑ አሳይቷል። ከእነዚህ ግማሽ ያህሉን ዓይን የጋረደው ሞራ ነበር፤ ትራኮማ 11.5 በመቶ፣ ግላኮማ 5.2 በመቶ ድርሻ ነበራቸው። የግላኮማ ቁጥር ትንሽ ይመስላል። ግን ሞራ ያለበት ሰው ዘግይቶም ቢሄድ ያያል፤ ግላኮማ ያለበት ሰው በዘገየበት ልክ ያጣል። ሁለቱም በአንድ ስም «ዓይኔ ደከመ» ተብለው ነው የሚጀምሩት። ይብሰል ብሎ መጠበቅ ድሮ በነበረው ቀዶ ሕክምና ጊዜ ምክንያት ነበረው። ዛሬ አያስፈልግም፤ መጠበቁ የሚጎዳውም ሞራ መስሎት ሌላ ነገር ያለበትን ሰው ነው።

ፀጉር የሚወጋው ዓይን

ገጠር ያደገ ሰው ወረንጦ በአንገቷ ማተብ ላይ አንጠልጥላ የምትሄድ ሴት አይቶ ይሆናል። ጥዋትና ማታ ጥላ ስር ተቀምጣ ከዓይን ቆቧ ፀጉር ትነቅላለች፤ ራሷ ካልሆነላት ልጇን ታስነቅላለች። «ፀጉር አበቀለብኝ» ትላለች። አዲስ ፀጉር አልበቀለባትም። ትራኮማ የሚባለው በባክቴሪያ የሚመጣ ሕመም በልጅነቷ ደጋግሞ ይዟት፣ የዓይን ቆቧ ውስጠኛው ገጽ ጠባሳ እያበጀ ተኮማትሮ ሽፋሽፍቱን ወደ ውስጥ ገልብጦታል። ዓይኗን ባርገበገበች ቁጥር ፀጉሩ ኮርኒያውን ይፈገፍገዋል። ኮርኒያው ቀስ በቀስ ጠባሳ ይለብሳል፤ ነጭ ይሆናል።

ይህኛው የማይታወቅ ድካም አይደለም። ያማል፤ ለዓመታት ያማል። ጀርሙ በእጅ፣ በጨርቅና ፊት ላይ በሚያርፉ ዝንቦች ይተላለፋል፤ ሕፃናት ደግሞ ዋነኛ ማደሪያው ናቸው። ሕፃን የምታቅፈውም፣ በነጠላዋ ጫፍ ዓይናቸውን የምትጠርገውም እናት፣ እህት፣ አያት ስለሆነች ሴቶች ከወንዶች ይልቅ በብዛት ይጎዳሉ። የተገለበጠውን ቆብ የሚያቃና አጭር ቀዶ ሕክምና አለ፤ የሠለጠኑ ነርሶችም ይሠሩታል። በዓመት አንድ ጊዜ ለቀበሌው ነዋሪ ሁሉ የሚታደለው አዚትሮማይሲን ጀርሙን ይቀንሳል። የልጆችን ፊት መታጠብና መጸዳጃ ቤት መቆፈር ደግሞ ተመልሶ እንዳይመጣ ያደርጋሉ። ወረንጦ ግን መፍትሔ አይደለም፤ የተነቀለው ፀጉር አጭርና ሹል ሆኖ ይመለሳል፤ ይብስ ይወጋል።

ዳፍንትና መሐሉን የሚያጠፋው

ሲመሽ የማያይ ሰው ዳፍንት አለበት እንላለን። ሕፃን ልጅ ላይ ከታየ የቫይታሚን ኤ እጥረት ሊሆን ይችላልና ፈጥኖ ሕክምና ይሻል። በወጣት ላይ ጀምሮ ዓመት ከዓመት የዙሪያው ዕይታ እየጠበበ ከሄደ ግን በዘር የሚወርድ የሬቲና ሕመም ሊሆን ይችላል። በተቃራኒው መሐሉን የሚያጠፋ ሕመም አለ፤ ሰውየው ወለል ላይ የወደቀ መርፌ ሊያነሳ ይችላል፣ ፊት ለፊቱ የቆመችውን የልጁን ፊት ግን አይለይም። ቤተሰቡ «ሲፈልግ ያያል» ይለዋል። ይህን ቃል የሰማሁ ጊዜ ሁሉ ያንገበግበኛል። የስኳር ሕመም ያለበት ሰው ደግሞ ምንም ባይሰማው እንኳ በየዓመቱ የዓይኑን ጀርባ ማስመርመር አለበት።

ከምድጃው ማዶ የተቀመጡት ልጆች

አያቴ ዓይኗ ሊጠፋ ሲቃረብ ልጆች ማየት ጀመረች። ነጭ የለበሱ፣ ቁጥራቸው አራት ወይም አምስት፣ ከምድጃው ማዶ ተደርድረው ይቀመጣሉ። አይናገሩም። አንዳንዴ ይነሱና በግድግዳው በኩል ይሄዳሉ። ለእኔ ብቻ ነገረችኝ፤ «ለማንም እንዳትነግሪ፣ አበደች ይሉኛል» አለችኝ። እኔም ልጅ ነኝና አልያዝኩትም፤ ነገርኩባት። ጠበል ተወሰደች። ጠበሉ አጽናንቷታል፤ በዚያ ላይ ምንም ቅሬታ የለኝም። የሚቆጨኝ ነገሩ ምን እንደሆነ የሚነግራት ሰው ሳታገኝ፣ እስክትሞት ድረስ ስለ ልጆቹ ዝም ብላ መኖሯ ነው።

ነገሩ ስም አለው። ጄኔቫ ይኖር የነበረው የተፈጥሮ ተመራማሪ ሻርል ቦኔ እ.ኤ.አ. በ1760 ስለ አያቱ ጻፈ። ወደ 90 ዓመት የተጠጉት ሽማግሌ ዓይናቸው በሞራ ደክሟል፤ አእምሯቸው ግን ምንም አልሆነም። ወንዶችና ሴቶች፣ ወፎች፣ ሠረገላዎች፣ ሕንፃዎች ይታዩዋቸው ነበር። እውነት አለመሆናቸውንም ያውቁ ነበር። ቦኔ ራሱም በኋላ ዓይኑ ሲደክም ተመሳሳይ ነገር አይቷል። ሕመሙ ዛሬ በእሱ ስም ይጠራል።

አሁን ወደ ወረቀቱና ወደ ነጥቡ ተመለሱ። በትንሹ ቀዳዳ ላይ ነጭ ወረቀት የዘረጋው አንጎል ነው። ከዓይን የሚመጣለት መልእክት እጅግ ሲያንስ፣ ያው አንጎል ባዶውን ስፍራ በራሱ ሥዕሎች ይሞላዋል። ለአያቴ ነጭ የለበሱ ልጆችን ሞላላት። ለሌላው አበባ ወይም ጥልፍ የመሰለ ነገር ይሞላለታል። ዋናው ምልክቱ ዝምታው ነው፤ የሚታዩት ነገሮች አይናገሩም፣ አያዝዙም፤ ሰውየውም ብዙ ጊዜ እውነት አለመሆናቸውን ያውቃል። ድምፅ ከተጨመረ፣ የሚያስፈራ ትእዛዝ ከመጣ ሌላ ጉዳይ ነውና ሐኪም ማማከር ነው። ዓይናቸው የደከመ አባትና እናት ያላችሁ፣ አንድ ቀን ቀስ ብላችሁ «የሌለ ነገር ይታይዎታል?» ብላችሁ ጠይቁ። ሳይነግሯችሁ ቆይተው ሊሆን ይችላል።

መደበቅ

ጎረቤታችን የነበሩ አዛውንት በየማለዳው በረንዳ ላይ ተቀምጠው ዳዊታቸውን ይደግሙ ነበር። አንድ ቀን አጠገባቸው ሆኜ ስሰማ ሁለት ቅጠል አንድ ላይ ገለጡ፤ አፋቸው ግን አንድም ቃል ሳያሰናክል በነበረበት ቀጠለ። መጽሐፉን አያዩትም ነበር። ከስንት ጊዜ ጀምሮ እንደማያዩት ቤተሰባቸው አያውቅም። ዳዊቱን በቃል ያወቁት በልጅነታቸው ከየኔታ ዘንድ ነው። ቅጠሉን የሚገልጡት ለእኛ ነበር።

ሰው የሚደብቀው ሥራውን፣ ክብሩን፣ የቤቱን ቁልፍ እንዳይነጠቅ ነው። ሾፌሩ መንጃውን ይፈራል። ሸማኔው የጥለቱን ክር በጣቱ እየቆጠረ ይዘልቃል። እናት ወጡ ጨው እንደበዛበት ሲነገራት «እጄ ከበደ» ትላለች። እኔ ለስድስት ወር ለማንም አልተናገርኩም፤ ያን ጊዜ ሁሉ ባልደረባዬ አኩርፋኝ ነበር። በእኛ አገር ሰላምታ ከሩቅ ነው የሚጀምረው፤ በዓይን ተያይቶ፣ ራስ ዝቅ ተደርጎ። ዓይኑ የደከመ ሰው ይህን ሲያጣ «ኮራ» ይባላል፤ «አየችኝና ፊቷን አዞረች» ይባላል። እውነቱን ስነግራት አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ።

አንድ ልማድ ግን እንድንተው እፈልጋለሁ። ዓይኑ ከደከመ ሰው ፊት ቆሞ «እስቲ ማን ነኝ? ድምፄን ለይ» ማለት። በፍቅር እንደሚባል አውቃለሁ። ለተጠየቀው ግን ፈተና ነው፤ ሲሳሳት ደግሞ በሰው ፊት ነው። «እኔ እገሌ ነኝ፣ እንዴት ዋልክ» ማለት ይበቃል። ስትሄዱም መሄዳችሁን ተናገሩ፤ ባዶ ወንበርን ማነጋገር ከባድ ነው።

በቤትና በክፍል

ለደከመ ዓይን ትልቁ ረዳት የቀለም ልዩነት ነው። ጥቁር ቡና በነጭ ሲኒ ይታያል፤ ወተት በነጭ ኩባያ አይታይም። ነጭ እንጀራ በነጭ ሳህን ላይ ጠርዙ ይጠፋል፤ ቀለም ባለው ሰፌድ ላይ ግን ይለያል። የደረጃውን ጠርዝ በቢጫ ቀለም መቀባት ብዙ አጥንት ከስብራት ያድናል። መስኮትን ከፊት አታድርጉ፤ ብርሃን ከኋላና ከጎን ይምጣ። በር ወይ ሙሉ ለሙሉ ይከፈት ወይ ይዘጋ፤ ግማሽ የተከፈተ በር ጠርዙ ግንባር ይፈልጣል። ዱካ፣ ጀሪካን፣ ምጣድ በየቦታቸው ይዋሉ። ስትመሩት እጁን አትጎትቱ፤ ክርናችሁን ስጡት፣ እሱ ይያዛችሁ፤ እናንተ ግማሽ እርምጃ ቅደሙ።

ነጭ በትር የሚያዘው ዓይን ጨርሶ ሲጠፋ ብቻ ለሰው ሁሉ ይመስለዋል። የእኔ ምክር ተቃራኒ ነው፤ ጥቂት ዕይታ እያለ ተማሩት። እግርና እጅ የሚማሩትን ዓይን እያረጋገጠላቸው ቢማሩ ይቀላቸዋል። ስልካችሁም ጽሑፍ ያጎላል፣ ቀለም ይገለብጣል፣ ያለውን ጮክ ብሎ ያነባል፤ ይህንንም ሳይመሽ መልመድ ነው።

ክፍሌ ውስጥ አሁን አንድ ሥርዓት አለ። እጅ የሚያወጣ ተማሪ ስሙን ይናገራል። በመጀመሪያው ሳምንት ይሳሳቁ ነበር፤ አሁን ለምደውታል። በግራዬ ያሉት ደግሞ ጠረጴዛውን በጣታቸው አንድ ጊዜ መታ ያደርጋሉ። ይህን እኔ አላስተማርኳቸውም።

ወንድሜ

ውጤቴን የሰማሁ ዕለት ሐኪሙ ስንት ወንድምና እህት እንዳለኝ ጠየቀኝ። አንድ ታናሽ ወንድም አለኝ፤ የሚኖረው ሌላ ከተማ ነው። ሕመሙ በዘር ስለሚወርድ እሱም መታየት ነበረበት። ዝምታዬን ሰብሬ ስደውልለት፣ «እትዬ፣ እኔ እኮ ንስር ነኝ፣ ታርጋ ከመቶ ሜትር አነባለሁ» አለኝ። የዕይታው መሐል በመጨረሻ እንደሚጠፋ፣ ታርጋ ማንበብ ምንም እንደማይመሰክር ነግሬው፣ ያቺን ወረቀትና ነጥብ በስልክ እየመራሁ አሳየሁት። ነጥቡ ሲጠፋበት ዝም አለ። በቀጣዩ ሳምንት ሄዶ ታየ። የአንድ ዓይኑ ግፊት 29 ነበር፤ ነርቩ ገና ደህና ነው።

ጠብታ የምናደርገው ማታ ሦስት ሰዓት ላይ ነው። አንዳንዴ እኔ እደውላለሁ፣ አንዳንዴ እሱ። ስልኩን ድምፅ ማጉያ ላይ አድርገን ራሳችንን ወደ ኋላ እንጥልና፣ የታችኛውን ቆብ ዝቅ አድርገን አንዲት ጠብታ፤ ከዚያ ዓይናችንን ጨፍነን በአፍንጫ በኩል ያለውን ጥግ በጣታችን ተጭነን ሁለት ደቂቃ እንቆያለን። በዚያ ሁለት ደቂቃ ውስጥ ስለ ልጆቹ ትምህርት፣ ስለ ጤፍ ዋጋ እናወራለን።